በምናብ ዓለም ውስጥ ያለ ምትሃታዊ መጽሐፍ እንዴት ይታመናል?

አዌቱ_ዳር

ሰላም ለዚህ ቤት ሰዎች። ጅማ ነው የምኖረው፣ ልቦለድ እየጻፍኩ ነው። ዓለሙ ከነወንዙና ከነተራራው የእኔ ፈጠራ ነው። አንድ ትልቅ ወንዝ አለ፣ ወንዙን ተከትለው አምስት ትንንሽ መንግሥታት ተቀምጠዋል። የአካባቢያችንን ታሪክ የሚያውቅ ሰው ከየት እንዳመጣሁት ወዲያው ይገባዋል። ሊሙ ኢናርያን፣ ጎማን፣ ጉማን፣ ጌራንና ጅማን እያሰብኩ ነው የሠራሁት። ብዙ ሰው የጊቤ መንግሥታት ሲባል ስማቸውን ሰምቶ ያልፋል፣ እኔን ግን ከየትኛውም የተረት አገር በላይ ያጓጉኛል።

በታሪኩ መሃል አንድ መጽሐፍ አለ። የምንጮች መዝገብ ይባላል። በአምስቱ መንግሥታት ያለው ምንጭ ሁሉ ስሙ እዚያ ተጽፏል። አንድ ሰው ገጹን ገልጦ የአንዱን ምንጭ ስም ጮክ ብሎ ካነበበ፣ ምንጩ ካለበት ይነጥፍና አንባቢው በቆመበት ይፈልቃል። መጽሐፉ ውሃ አይፈጥርም፣ ያለውን ነው የሚያዛውረው። ስለዚህ አንዱ መንደር ሲጠጣ ሌላው ይጠማል።

አሁን ወደ ጥያቄዬ ልምጣ። የመጀመሪያዎቹን ምዕራፎች ያነበቡ ጓደኞቼ ሐሳቡን ወደዱት፣ መጽሐፉን ግን አላመኑትም። አንዷ ቁጭ ብላ «ስልክ ከፍቶ ቁጥር እንደመደወል ነው የሆነብኝ፣ አላስፈራኝም» አለችኝ። ነገሩ ልቤን በላው፣ ምክንያቱም ስለ ኃያልነቱ ያልጻፍኩት ነገር የለም። ሲገለጥ ያበራል፣ ነፋስ ይነሳል፣ መሬት ይንቀጠቀጣል።

ከምን ተሠራ ልበል? ውስጡ ያለውን ጽሑፍ ለአንባቢ ላሳይ ወይስ ልደብቀው? ቋንቋውስ ግዕዝ ቢሆን ይሻላል ወይስ የራሴን ፊደል ልፍጠርለት? በዚህ ነገር ያሰበ ሰው ካለ እባካችሁ ሳትሰለቹ ጻፉልኝ።


ሌሊት_አንባቢ

ሐሳቡ በጣም ጥሩ ነው። በተለይ ውሃው ከሌላ ሰው አፍ ተነጥቆ መምጣቱን ወድጄዋለሁ፣ እሱን በምንም ዋጋ እንዳትለውጪው። ብርሃኑን፣ ነፋሱንና መንቀጥቀጡን ግን አውጪው። እነዚህን ሃምሳ ቦታ አንብበናቸዋል፣ መጽሐፉ ምን እንደሆነም አይነግሩንም።

እኔ እንደ አንባቢ የምፈልገው ምን እንደማይችል ማወቅ ነው። ንጉሡ ለምን ሁሉንም ምንጭ ወደ ግቢው አይጠራም? ይህን ካልመለስሽ እኔም አላምንሽም። መልሱ ደግሞ እዚሁ ደጅሽ ላይ ነው ያለው። የአባ ጅፋር ቤተ መንግሥት ጅሬን ኮረብታ ላይ ነው። አንቺም ንጉሥሽን ኮረብታ ላይ አስቀምጪው። ምንጩን ቢጠራው ይመጣል፣ ውሃ ግን ውሃ ነውና ቁልቁል ይወርድበታል። ኮረብታው አናት ላይ ሆኖ አገር ሙሉ ቢጠራ የሚጠቀመው ከሥሩ ያለው ገበሬ ነው። ስለዚህ መጽሐፉን የያዘው ሰው ውሃውን ማስቀረት አይችልም። ለእኔ ከዚህ የበለጠ ውጥረት የለም፤ ሥልጣኑ አለው፣ ጥቅሙ ያመልጠዋል።

ሌሎችም የምጠይቅሽ አሉኝ። ስሙን አሳስቶ ያነበበ ሰው ምን ይደርስበታል? ማንበብ የማይችል ሰው ሌላው እያነበበለት ቢደግምስ? መጽሐፉ ቢገለበጥ ግልባጩ ይሠራል ወይ? የመጨረሻው ላይ ብዙ አስቢበት። ግልባጩ የሚሠራ ከሆነ በአንድ ትውልድ አምስቱም መንግሥታት አንዳንድ ይኖራቸውና ጦርነቱ ሌላ መልክ ይይዛል።


ቁም_ጸሐፊ

እህቴ፣ ሰላም ላንቺ ይሁን። እኔ በልጅነቴ የቆሎ ተማሪ ነበርኩ፣ ብራና ሲፋቅና ቁም ጽሕፈት ሲጻፍ አጠገቡ ሆኜ ነው ያደግሁት። አሁን ጅማ ነኝ። ጓደኞችሽ ያላመኑት መጽሐፉ ገላ ስለሌለው ነው ብዬ አስባለሁ። ማን ሠራው፣ ስንት ቆዳ ፈጀ፣ የት ይሰቀላል፣ ማን ይጠብቀዋል የሚለው ሲታወቅ ሰው ሳይነገረው ይፈራዋል።

ብራናውን ልንገርሽ። ብዙ ጊዜ የፍየል ቆዳ ነው። ቆዳው ውሃ ውስጥ ይዘፈዘፋል፣ ከዚያ በእንጨት ላይ በጠፍር ተወጥሮ ሥጋው ይፋቃል፣ ጠጉሩ ይላጫል፣ በድንጋይ ይታሻል፣ ፀሐይ ላይ ይደርቃል። አንድ ወፍራም መጽሐፍ ብዙ ፍየል ይበላል። ይህ ማለት የምንጮች መዝገብ ሲጻፍ አንድ መንጋ ታርዷል ማለት ነው፤ መንጋው የማን ነበር? ከዚህ ጥያቄ ብቻ አንድ ምዕራፍ ይወጣል። ሲጨርስም ቆዳነቱ አይጠፋም። ገጹን በጣትሽ ብትዳብሺው ጠጉር የነበረበት ወገንና የሥጋው ወገን ይለያያሉ፤ በጠጉሩ በኩል ጥቃቅን ነጠብጣቦች ይታዩሻል፣ እያንዳንዷ ጠጉር የበቀለችበት ቦታ ናት።

ጥቁሩ ቀለም ከጥቀርሻ ነው የሚሠራው። ያረረ እህል፣ ቅጠላ ቅጠል፣ ሙጫ ይገባበታል፣ ከዚያ ለወራት እየተማሰለ እንዲብላላ ይተዋል። ቀዩ ለአርእስትና ለቅዱሳን ስም ነው። ብርዑ ከመቃ ይቀረጻል። ገጹ ሳይጻፍበት በወስፌ ይበሳል፣ መስመሩ ያለ ቀለም ተጭኖ ይሰመራል፣ ብርሃን ላይ ስታዘነብዪው ብቻ ነው የሚታይሽ። ገበታው፣ ማለትም የመጽሐፉ ሽፋን፣ ከእንጨት ነው፣ ዋንዛ ጥሩ ይሆናል፤ በላዩ ቆዳ ይለብሳል። ማኅደር፣ ማለትም የሚገባበት የቆዳ ከረጢት፣ አለው፣ ማኅደሩ ጠፍር አለው፣ በጠፍሩ ግድግዳው ኩላብ ላይ ይንጠለጠላል። መደርደሪያ ላይ የተደረደረ መጽሐፍ አትጻፊ፣ ይንጠልጠል።

አሁን ዋናውን ልበልሽ። በድሮ መጻሕፍት መጨረሻ ላይ የሰረቀውንም የፋቀውንም የሚያወግዝ ቃል ይጻፋል፤ «ዘሰረቆ ወዘፈሐቆ» እያለ ይጀምራል። ሌባውን ማውገዝ ለማንም ግልጽ ነው። ፋቂው ለምን ተወገዘ? ብራና ላይ የተጻፈ ነገር በቢላ ስለሚፋቅ ነው። ክታብ ላይም ይኸው አለ። ክታብ በባለቤቱ ቁመት ልክ ይሠራል፣ የክርስትና ስሙ ይገባበታል፤ ወደ ሌላ ሰው ሲተላለፍ የፊተኛው ስም ተፍቆ የአዲሱ ይጻፋል። የተፋቀው ቦታ ይሳሳል፣ ትንሽም ይሻክራል፣ ወደ መብራት ብታነሺው ከሌላው ገጽ ይልቅ ብርሃን ያሳልፋል።

እንግዲህ በአንቺ ዓለም አንድ መንደር ምንጩ እንዳይነጠቅበት ምን ያደርጋል? መጽሐፉን አይሰርቅም፣ ቢሰርቀው ጦር ይከተለዋል። ሌሊት ገብቶ የራሱን ምንጭ ስም ይፍቃል። ከዚያ በኋላ ያንን ምንጭ ማንም ሊጠራው አይችልም። እኔ የአንቺን መጽሐፍ የምፈራለት በዚህ ነው፤ ገጾቹ ላይ እየበዙ የመጡ ስስ ቦታዎች፣ እያንዳንዱ ስስ ቦታ ደግሞ ነፃ የወጣ መንደር።

ስለ ግልባጩ ለጠየቀው ወንድማችንም አንድ ነገር ልበል። ገልባጭ ይሳሳታል። ሁለት መስመር በአንድ ቃል ከጀመረ ዓይን ከላይኛው ወደ ታችኛው ይዘልና መሃል ያለው ይቀራል። በምንጮች መዝገብ ላይ መስመር ሁሉ «ምንጭ» ብሎ የሚጀምር ከሆነ ምን ያህል ስም እንደሚዘለል አስቡት።


አዌቱ_ዳር

ፋቂው! እንዴት እስከ ዛሬ አልታየኝም። ስለ ሌባ ብቻ ነበር የማስበው። እግዜር ይስጥልኝ፣ በጣም ነው ያመሰገንኩዎት።

አንድ ልጠይቅዎት። እዚህ ጅማ ክረምት ሲገባ እርጥበቱን ያውቁታል። ቡናው እንኳ በደንብ ካልደረቀ ይሻግታል። ብራና በእንዲህ ያለ አገር ምን ይሆናል? የእኔም ዓለም ዝናባም ነው። ሌላው ደግሞ፣ አንድ መጽሐፍ የተቀደሰ ነገር ሆኖ እንደ መሬት መዝገብም ሊያገለግል ይችላል ወይ? አንድ ጓደኛዬ «ወይ ምትሃት አድርጊው ወይ የቀበሌ መዝገብ አድርጊው፣ ሁለቱን አትቀላቅዪ» ብላኛለች።


ቁም_ጸሐፊ

ብራና እርጥበት ይጠጣል። ይነፋል፣ ይጨማደዳል፣ ጠርዙ ይነሳል። ገበታው ከባድ የሆነው፣ መጽሐፉም በማኅደሩ ጠበቅ ብሎ የሚቀመጠው አንድም ለዚህ ነው። በበጋ ደግሞ ይደርቅና ይኮማተራል። ቆዳ ነውና የአየሩን ጠባይ ይከተላል። ይህን ለመጽሐፍሽ ተጠቀሚበት። ምንጭ ሊነሳ ሲል ያ ገጽ ብቻ ይንፋ፣ በጠራ በጋ ገጹ እርጥብ ይሁን። ጠባቂዋ ጧት መጥታ ማኅደሩን ስትነካው ከበደኝ ካለች አንባቢው ይገባዋል፣ ነፋስና መብረቅ አያስፈልግሽም።

ጓደኛሽ ያለችውን ግን አልቀበልም። በእኛ አገር ሁለቱ አብረው ነው የኖሩት። የጥንት አድባራትና ገዳማት የመሬት ስጦታንና ውልን በወንጌል መጽሐፍ ባዶ ገጾችና ኅዳጎች ላይ ይጽፉ ነበር። ወርቅ ወንጌል የሚባሉት እነሱ ናቸው። ለምን እዚያ ጻፉት? መሬት የሚቀማ ሰው ወንጌሉን መፋቅ ስለሚፈራ ነው። ቅድስናው ውሉን ይጠብቃል። መዝገብ ስለሆነ ምትሃቱ አይቀንስም፣ እንዲያውም ሰው እጁን የሚሰበስበው ለዚያ ነው።


የጅሬኑ_ደረሳ

አሰላሙ አለይኩም። ውይይቱ ደስ አለኝ፣ እኔም ከወዲህ በኩል ያለውን ልጨምር፤ የጅማን መንግሥት እያሰብሽ ከጻፍሽ ይህ ወገን ሊጎድልብሽ አይገባም። ጅማ የኪታብ፣ ማለትም የእስልምና መጻሕፍት፣ አገር ነው። ከ1878 እስከ 1932 እ.ኤ.አ. በገዙት በዳግማዊ አባ ጅፋር ዘመን ከየአገሩ ዑለማ፣ የሃይማኖት ሊቃውንት፣ ይመጡ ነበር፣ ደረሳውም፣ ተማሪው ማለት ነው፣ ብዙ ነበር። አፋን ኦሮሞን በዐረብኛ ፊደል የጻፉ ሊቃውንት ከዚህ አካባቢ ወጥተዋል።

የእኛ ኪታቦች በብዛት ወረቀት ላይ ናቸው፣ ወረቀቱ ደግሞ ከባሕር ማዶ በነጋዴ ነው የሚመጣው። ይህ ለታሪክሽ ብዙ ይጠቅምሻል። ብራና የሚሠራ ሰው ፍየል ካለው ማንንም አይለምንም፣ ወረቀት የሚፈልግ ግን መንገዱ ክፍት መሆን አለበት። የጅማ መንግሥት ዙሪያው በጉድጓድና በአጥር ይጠበቅ ነበር፣ መግቢያው ኬላ ነበር፣ ነጋዴ በኬላ ነው የሚያልፈው። ሂርማታ ደግሞ ትልቅ ገበያ ነበረች። ከአምስቱ መንግሥታትሽ አንዱ ወረቀት ላይ የሚጽፍ ይሁን። ያኔ ኬላ የሚዘጋ ንጉሥ መጽሐፍ ይዘጋል።

ስለ ሎህ ልንገርሽ ነው ዋናው የመጣሁት። ቁርኣን ቤት ልጅ ሆነን የምንቀራው በሎህ ነው፣ የእንጨት ሰሌዳ ነው። ቀለሙ ከጥቀርሻ ነው፣ እዚህ ላይ ከቁም ጸሐፊው ወንድሜ ጋር አንድ ነን። አንቀጹ ይጻፍልሃል፣ ትቀራዋለህ፣ በቃልህ ስትይዘውና ሼኹ ሲያዳምጥህ ይታጠባል። ከዚያ የሚቀጥለው ይጻፋል። ብዙ ቦታ እጣቢው እንዲሁ አይደፋም፣ ንጹሕ ቦታ ይፈሳል፣ ለሽፋ፣ ለፈውስ፣ ብሎ የሚጠጣም አለ። እንጨቱ ከብዙ ማጠብ ይለሰልሳል፣ መሃሉ ላይ ጥቁሩ ገብቶ አይለቅም። የእኔ ሎህ ዳርና ዳሩ በእጄ ወዝ ቀልቶ ነበር።

አንቺ ዓለም ውስጥ መጽሐፉን ንጉሡ ይዞታል። የምንጮቹን ስም በቃላቸው የያዙ ሰዎች ግን የሉም ወይ? በእኛ ዘንድ ሓፊዝ፣ ቁርኣንን በቃሉ የያዘ ሰው፣ እያለ ኪታብ ቢቃጠል ቃሉ አይጠፋም። የተፋቀው ስም ከገጹ ይጠፋል፣ የተቀራው ስም ግን ደረት ውስጥ አለ። በቃሉ የያዘ ሰው መጥራት ይችላል ወይስ አይችልም? ይህን ወስኚ፣ ታሪክሽ የሚሄደው በዚህ ነው።


ዝምታ_ወዳድ

ሁላችሁንም አነበብኩ፣ ጥሩ ነው። አንድ ነገር ግን ሳልናገር ማለፍ አልቻልኩም። ክታብ፣ ሎህ፣ እጣቢ፣ ውግዘት፣ እነዚህ ለብዙ ሰው ተረት አይደሉም። እኔ ባደግሁበት ሰፈር ልጇ የታመመባት እናት ክታብ ይዛ ታድራለች። ሌላው ጎረቤት ደግሞ ሼኽ ዘንድ ሄዶ ቁርኣን ያስቀራል። እነዚህን ሰዎች ለማስዋቢያ ብለሽ ልቦለድሽ ውስጥ እንድታስገቢያቸው አልፈልግም። ጸሎትን ቃል በቃል ወስደሽ የምትሃት ድግምት ካደረግሽው የሚከፋው ሰው ብዙ ነው፣ እኔም አንዷ ነኝ።

አትጻፊ ማለቴ አይደለም። አሠራሩን ውሰጂ፤ ቆዳውን፣ ቀለሙን፣ መፋቁን፣ ማጠቡን። ቃሉን ግን ተዪው። የአንቺ ዓለም የራሱ ቃል ይኑረው።


ቁም_ጸሐፊ

እህታችን ትክክል ናት። ግዕዝን የጠየቅሽውም እዚህ ላይ ይመለሳል። ግዕዝ ካስገባሽ ቤተ ክርስቲያኑ፣ ዜማው፣ ዕጣኑ ሁሉ አብሮ ይመጣል፣ አንባቢው ሳትጠሪው ያያቸዋል። በዓለምሽ እነዚያ ከሌሉ ግዕዙ ባዕድ ይሆንብሻል። ቀላል አማርኛ ጻፊው፣ ምንጮቹ በስማቸው ይጠሩ፣ ይበቃል።


ሌሊት_አንባቢ

በግዕዙ ተስማምቻለሁ። የራስሽን ፊደል መፍጠር የሚለውን ግን ዝም ብለሽ አትተዪው። ብዙ ጸሐፊ ሦስት ጠመዝማዛ መስመር ይስልና ጥንታዊ ፊደል ይለዋል። ፊደል ግን ከሰው አፍ የሚወጣውን ድምፅ መያዝ አለበት። ሼኽ በክሪ ሳጳሎን አስቢ። የሐረርጌ ሊቅ ናቸው፣ በ1950ዎቹ እ.ኤ.አ. ለአፋን ኦሮሞ የሚሆን ፊደል ራሳቸው ፈጠሩ። ያንን ያደረጉት የቋንቋውን ድምፆች የሚይዝ ጽሕፈት ስለፈለጉ ነው። ጽሕፈቱ እንዳይስፋፋ በመንግሥት ተከለከለ። አንድ ሰው ፊደል በመፍጠሩ መንግሥት እንደሚሰጋ ከዚህ በላይ ምን ማስረጃ አለ?

ስለዚህ ፊደሉን መሳል አያስፈልግሽም። ማን እንደፈጠረው፣ ማን እንዲማረው እንደተፈቀደለት፣ ማን እንደተከለከለ ንገሪን። ምንጮቹን የሚጠጡት ገበሬዎች ናቸው፣ ፊደሉን የሚያውቁት ግን የቤተ መንግሥቱ ሰዎች ብቻ ከሆኑ፣ ፋቂው መንደርተኛ የትኛውን መስመር እንደሚፍቅ እንዴት ያውቃል? አንድ ሰው ሊያስተምረው ይገባል። ያ ሰው ማነው? የልቦለድሽ ዋና ሰው እሱ ወይም እሷ ትመስለኛለች።


የጅሬኑ_ደረሳ

ወላሂ ይሄ ጥያቄ ጥሩ ነው። የእኔ መልስ፣ ሎህ ላይ የምታስተምር ሴት። ትጽፋለች፣ ይቀራሉ፣ ታጥባለች። የጽሑፍ ማስረጃ አይገኝባትም። የንጉሡ ወታደር ቤቷን ቢፈትሽ የሚያገኘው ንጹሕ እንጨት ነው።


አዌቱ_ዳር

ሁላችሁም ተባረኩ። ከትናንት ማታ ጀምሮ ስጽፍ ነበር። የወሰንኩትን ልንገራችሁና ቁራጭ ልለጥፍላችሁ፣ ሳትራሩ አስተያየት ስጡኝ።

ምንጭ የሚዛወረው ከገጹ ሲነበብ ብቻ ነው። በቃሉ የያዘ ሰው ውሃውን መጥራት አይችልም፣ የትኛው ስም የማን እንደሆነ ግን የሚያውቀው እሱ ብቻ ነው። ግልባጭም አይሠራም፤ አምስቱ ነገሥታት ግን ይህን አያውቁም፣ እያንዳንዳቸው የያዙት እውነተኛው እንደሆነ ያምናሉ። ንጉሡን ኮረብታ ላይ አስቀምጬዋለሁ። ምንም የሚያበራ ነገር የለም። የጸሎት ቃል አንድም አልወሰድኩም፣ ለዝምታ ወዳድ ቃል ገብቻለሁ። ቁራጩ ይኸው፦

«ጠባቂዋ ማኅደሩን ከኩላቡ ስታወርደው ክንዷ ወደ ታች ሄደ። ትናንት እንዲህ አይከብድም ነበር። በጋ ነው፣ ደጁ አቧራ ነው፣ ቆዳው ግን ጣቷ ላይ ቀዘቀዛት። ጠፍሩን ፈታች። ገበታው በራሱ ጊዜ ከፍ አለ፣ ውስጡ ያበጠ ገጽ ነበር። ገለጠችው። ሦስት ስሞች ደርቀው ተቀምጠዋል፣ አራተኛው ረጥቧል። ቀለሙ ግን አልፈሰሰም። በዚያ ስም የሚጠራውን መንደር ታውቀዋለች፣ የተወለደችበት ነው። ንጉሡ ዛሬ የሚያስነብበው ያንን ነው ማለት ነው። ቀና ብላ በሩን አየች። አንባቢው እስኪመጣ ጸሐፊው ቀለሙን ይበጠብጣል፣ ትናንት ያመጣው ጥቀርሻ ገና ማሰሮው ውስጥ ነው። ቢላው ብርዕ የሚቀረጽበት ትንሹ ቢላ ነው፣ ሁሌም ከገበታው አጠገብ ይቀመጣል። አነሳችው። ገጹን ወደ መስኮቱ አዘነበለችው። ከእሷ በፊት የተፋቀ ቦታ አለ፣ ከበላዩ፣ ብርሃን ያሳልፋል። ከእሷ በፊት እዚህ የቆመ ሰው ነበር።»


ዝምታ_ወዳድ

በጣም ወድጄዋለሁ። ቃልሽን ስለጠበቅሽም አመሰግናለሁ። «ከእሷ በፊት እዚህ የቆመ ሰው ነበር» የሚለውን አስወጪው፣ ከፊቱ ያለው መስመር አስቀድሞ ነግሮናል።


ሌሊት_አንባቢ

አሁን አመንኩት። ከፋቀችው በኋላ የሚመጣው አንባቢ ባዶ ቦታ ሲያገኝ ምን እንደሚሆን ግን ቶሎ አትንገሪን። ንጉሡ የትኛው ምንጭ እንደጠፋ ለማወቅ በቃሉ የሚያውቅ ሰው መፈለግ አለበት፣ እነዚያን ሰዎች ደግሞ ሲያሳድድ የኖረው ራሱ ነው። እዚያ ላይ ሁለት ምዕራፍ ብትቆዪ አይበዛብሽም።


የጅሬኑ_ደረሳ

ማሻአላህ። የሎሁን ሴት ከዚህች ጠባቂ ጋር አገናኚያት፣ ፊደሉን ያስተማረቻት እሷ ትሁን። ሎሁን ስትገልጪ አዲስ እንጨት እንዳታደርጊው፣ ብዙ ልጅ የቀራበት ይሁን።


ቁም_ጸሐፊ

እጅሽ ይባረክ። ሁለት ነገር ብቻ አስተካክዪ። ትናንት የመጣ ጥቀርሻ ዛሬ ቀለም አይሆንም፣ ወራት ያሻዋል። ወይ አሮጌ ማሰሮ አድርጊው፣ ወይ ጸሐፊው ብርዑን ይቅረጽ። ይህ ከሆነ ደግሞ ቢላው እጁ ላይ ይሆናልና ጠባቂዋ ሌላ ስለት ያስፈልጋታል፣ ወስፌ አይፍቅም። ሁለተኛው፣ የምንጮቹን ስም በቀይ ጻፊያቸው፣ የቀረውን በጥቁር። ስትፍቅ ቢላው ላይ ቀይ ዱቄት ይቀራል፣ ልብሷም ላይ ይበናል። ወታደሩ በምን እንደሚይዛት የምታስቢ ከሆነ በእሱ ይያዛት።